አንዲት ሰከንድ መሬት

በሕይወቴ «አልፈርምም» ብዬ የማውቀው ከአንድ ቀን ወዲህ ብቻ ነው። ሰባ ዓመት ያለፈው ሰው እንዲህ ሲል ጉራ ይመስል ይሆናል፤ አይደለም። እስከዚያ ቀን ድረስ የቀረበልኝን ወረቀት ሁሉ እሺ እያልሁ ስፈርም እንደኖርሁ ማመኔ ነው። ትምህርቴ ከሦስተኛ ክፍል አላለፈም። ፊደል እለያለሁ፣ ቁጥር አነባለሁ፣ ስሜን እጽፋለሁ። የቀረውን የተማርሁት ከሰው ነው። ነገሩን ቀስ ብዬ ስለምነግራችሁ ታገሡኝ።

ሰይድ እባላለሁ። የምኖረው ከሸዋ ሮቢት ወጣ ብሎ፣ ወደ ጀውሃ በሚወስደው መንገድ ዳር ነው። ታናሽ እህቴ ዘይነባም አጠገቤ ናት፤ ማሳችን ይዋሰናል። ባሏ አሕመድ፣ አላህ ይርሐመውና፣ ከመሞቱ በፊት በማሳዋ ዳር የውሃ ጉድጓድ ቆፍሮላት ነበር። እሱ ከታች ይቆፍራል፣ እኔ ከላይ ሆኜ አፈሩን በገመድ እጎትታለሁ። ሃያ ሦስት ቀን ደረቅ አፈር አወጣን። በሃያ አራተኛው ቀን ከጉድጓዱ ውስጥ «ሰይድ፣ እግሬ ረጠበ» የሚል ድምፅ ሰማሁ። እስከ ዛሬ ከሰማሁት ንግግር ሁሉ እንደሱ ደስ ያለኝ የለም።

አገራችን ቆላ ነው። በጋው ሲጠና ወንዙ ጠጠሩን ያሳያል። ዘይነባ በክረምት ማሾ ትዘራለች፤ ዝናብ ከዘነበ ይሆናል፣ ካልዘነበም አይሆንም። በበጋ ግን ከጉድጓዷ እየቀዳች ሽንኩርት ታለማለች። ልጆቿን ያሳደገችው በዚያ ሽንኩርት ነው። እንግዲህ ጉድጓዱ ሄደ ማለት የዘይነባ ኑሮ ሄደ ማለት እንደሆነ ልብ በሉልኝ።

አሁን ትንሽ ወደ ኋላ ልመልሳችሁ። ወጣት ሳለሁ መንገድ የሚቀይሱ ሰዎች ወደ እኛ አገር መጥተው ዘንግ ያዥ አድርገው ቀጠሩኝ። ሥራው ቀይና ነጭ የተቀባ ረጅም ዘንግ ይዞ ቀጥ ብሎ መቆም ነው። መሐንዲሱ ሦስት እግር ባለው መሣሪያው ከሩቅ እያየ ይለካል። ጋሽ ታደሰ ይባል ነበር፤ ቁጡ ሰው ነው፣ ማስተማር ግን ይወድ ነበር። ዝንብ አርፋብኝ ዘንጉ ትንሽ ዘንበል ካለ «ሰይድ፣ ሁለት ሰከንድ ሰረቅኸኝ» እያለ ይጮህብኛል። የሥራ ባልደረቦቼም ለምደውት፣ ወጥ ሲቀርብ አንዱ ሥጋ ካበዛ «ሰከንድ ሰረቀ» እንባባል ነበር።

አንድ ቀን በምሳ ሰዓት ጋሽ ታደሰ አሸዋ ላይ ክብ ሥሎ አስረዳኝ። ክቡን ሦስት መቶ ስልሳ ቦታ ይከፍሉታል፤ አንዷ ክፋይ ድግሪ ትባላለች። ድግሪን ስልሳ ቦታ ሲከፍሏት ደቂቃ ትሆናለች፤ ደቂቃን ደግሞ ስልሳ ቦታ ሲከፍሏት ሰከንድ። ይህች ሰከንድ ከሰዓቷ ጋር በስም ብቻ ነው የምትገናኘው፤ የማዕዘን መለኪያ ናት። ምን ያህል ትንሽ እንደሆነች ሲነግረኝ፣ ከአንድ ቦታ ሁለት መስመር አስነሥተህ በአንዲት ሰከንድ ብታለያያቸው፣ ኪሎ ሜትር ሙሉ ተጉዘው በመካከላቸው የምትገባው አንዲት የማሾ ፍሬ ናት አለኝ። እኔም ሳቅሁ። ለማሾ ፍሬ ነው እንዴ እንዲህ የምትጮህብኝ አልሁት።

«አትሳቅ» አለኝ። «ያቺው ሰከንድ በምድር ክብ ላይ ስትቆጠር ሠላሳ ሜትር ትሆናለች። ክቡ ሲሰፋ ሰከንዷም ትሰፋለች። ስለዚህ አንድ ሰው ‹ሰከንድ እኮ ናት› ሲልህ፣ ‹የምን ክብ ሰከንድ?› ብለህ ጠይቀው።»

ሥራው አለቀ፣ ጋሽ ታደሰም ሄደ፣ እኔም ወደ እርሻዬ ተመለስሁ። ትምህርቱ ግን ከአእምሮዬ አልወጣም።

ወደ ዋናው ነገር ልግባ። ከዘይነባ ማሳ ቀጥሎ ያለው ቦታ አቶ መኮንን ለሚባል ነጋዴ መጋዘንና የከባድ መኪና ማቆሚያ እንዲሠራበት ተሰጠ። ድንበሩ በሁለት ማዕዘን ነው የሚታወቀው፤ አንዱ ከወንዙ በኩል ያለ ማዕዘን ነው፣ ሌላው ደግሞ አሕመድ በሽማግሌ ፊት የተከለው ድንጋይ ነው። ከዚያ ድንጋይ አጠገብ ነው ጉድጓዱ። ለልኬታው ሦስት የድንበር ምስክር ሲመረጥ አንዱ እኔ ሆንሁ። ሁለቱ ምስክሮች የወንዙን ማዕዘን አሳይተው ወደ ሥራቸው ሄዱ፤ እኔ ከለኪው ጋር ቀረሁ።

ለኪው ቢኒያም የሚባል ወጣት ነው፤ ትውልዱ ከወደ ደብረ ሲና፣ የደጋ ልጅ ነው። የቆመችበትን ቦታ ከሳተላይት የምትቀበል፣ ስልክ የምታህል መሣሪያ ይዟል። የወንዙን ማዕዘን ከነጥቡ ላይ ቆሞ በደንብ ለካ። ወደ ድንጋዩ ስንመጣ ግን ፀሐይዋ አናት ላይ ነበረች፤ የልጁ ፊት ፍም መስሏል፣ ሸሚዙ ከጀርባው ተጣብቋል። አሳዘነኝ። እጁን ይዤ፣ ከድንጋዩ ራቅ ብሎ በዘይነባ ማሳ ውስጥ ካለው የሾላ ዛፍ ጥላ ሥር አስገባሁት። ከዚያው ከዘይነባ ጉድጓድ ቀዝቃዛ ውሃ ቀድቼ ሰጠሁት፤ ሁለት ጣሳ ጠጣ።

ድንጋዩ የቱ ነው አለኝ። ያ ነው ብዬ በጣቴ አሳየሁት። እሱም አየውና፣ ጣሳውን በአንድ እጁ እንደያዘ መሣሪያዋን በአውራ ጣቱ ጫን አደረጋት። ጢጥ አለች። ቁጥሩን መዝገቡ ላይ ጻፈ።

እዚህ ላይ ማመን ያለብኝ ነገር አለ። እኔ አውቄያለሁ። ዘንግ ይዤ የኖርሁ ሰው ነኝ፤ ነጥብ የሚለካው ከላዩ ቆሞ እንጂ ከሩቅ አይቶ እንዳልሆነ አውቃለሁ። «ልጄ፣ ሄደህ ድንጋዩ ላይ ቁም» የሚለው ቃል ጉሮሮዬ ላይ ደርሶ ነበር። ነገር ግን ልጁ ከጥላዬ ሥር ነው፣ ውሃዬ በእጁ ነው። በእኛ አገር እንግዳን ከጥላ ተነሥተህ ፀሐይ ላይ ውጣ አይባልም። ይሉኝታ ያዘኝ። ሲያርፍ ራሱ ተነሥቶ ይደግመዋል ብዬ አሰብሁ። ከዚያ ስልኩ ጠራ፤ መኪናው አስፋልት ላይ ቆሞ እየጠበቀው ነው። ትከሻዬን ስሞ፣ አመስግኖኝ ሄደ። እኔም ሸኝቼው ተመለስሁ። ለዘይነባ ምንም አልነገርኋትም።

ሁለት ሳምንት ያህል ቆይቶ፣ ሐሙስ ቀን፣ ወደ መሬት ቢሮ ተጠራን። የማሳው ሥዕል ጠረጴዛ ላይ ተዘርግቷል። ዘይነባ ፊደል አታውቅም፤ መሬቷን ግን በሥዕልም ታውቀዋለች። ጎንበስ ብላ አየችና «ጉድጓዴስ የት አለ?» አለች። መስመሩ ከወንዙ ማዕዘን ተነሥቶ ወደ ድንጋዩ መሄድ ሲገባው ወደ ሾላው አዘንብሏል። ጉድጓዱ በአቶ መኮንን በኩል ቀርቷል። አጥሩ ቅዳሜ ሊጀመር ነው፤ የአጥሩ ድንጋይ ተራግፏል። ሁለቱ ምስክሮች ጠዋት ፈርመዋል፤ እነሱም፣ ቢኒያምም፣ አቶ መኮንንም እዚያው ተቀምጠዋል። የቀረሁት እኔ ነኝ።

ኃላፊዋ ጎልማሳ ሴት ናት፤ ክፉ ሰው አይደለችም። ድንጋዩ ያለበት ከዚህ ወዲያ ነው ብዬ ስነግራት በትዕግሥት ሰማችኝና «አባቴ፣ መሣሪያው ቢሳሳት እንኳ አንድ ሰከንድ ቢሳሳት ነው። አንድ ሰከንድ ምን አላት ብለው ነው?» አለችኝ።

«የምን ክብ ሰከንድ?» አልኋት።

ማንም አልገባውም። ከወዲያ ጥግ የተቀመጠ አንድ ጸሐፊ ሽማግሌው ጂፒኤስ ሊያስተምረን ነው ብሎ ሳቀ። እኔም የምድር ክብ ከሆነች አንድ ሰከንድ ሠላሳ ሜትር እንደሆነች፣ እርስዎ አሁን ከተቀመጡበት ወንበር ተነሥተው በሩን ወጥተው አስፋልቱን እስኪሻገሩ ያለውን ርቀት እንደምታህል ነገርኋት። ሳቁ ቆመ። ኃላፊዋ ወደ ቢኒያም አየች። ቢኒያም ወረቀቱን ያያል።

አቶ መኮንን ነገሩን ሊያበርድ ፈለገ። ውሃው አይከለከልም አለ፤ በፈለገች ጊዜ መጥታ ትቅዳ፣ ዘበኛው ያስገባታል። ከልቡ ያለው ይመስለኛል። ዘይነባ ግን ብድግ አለች።

«አሕመድ የቆፈረውን ውሃ፣ በዘበኛ ፈቃድ?»

ኃላፊዋ እስክሪብቶውን ወደ እኔ ገፋ አደረገችና፣ ቦታው ላይ ነበሩ፣ ሲለካ አይተዋል፣ ይፈርሙና ቅሬታ ካለ በኋላ ይቅረብ አለችኝ።

«አልፈርምም» አልኋት። እስክሪብቶውን መልሼ ገፋሁት።

ለምን ስትለኝ ሌላ መውጫ አልነበረኝም። «ነበርሁ። የማልፈርመውም ስለነበርሁ ነው» አልሁ። «መሣሪያዋ አልዋሸችም፤ የቆመችበትን ነው የተናገረችው። የቆመችው ከሾላው ጥላ ሥር ነው። ልጁን ከጥላው ሥር ያስገባሁት እኔ ነኝ። ከዚያ ሆኖ ሲለካ አይቼ ዝም ያልሁትም እኔ ነኝ።»

ቢኒያም ከድንጋዩ ላይ ቆሜ ነው የለካሁት አለ። ድምፁ ቀጭን ነበር። አልፈረድሁበትም፤ እንጀራው ነው። ከፈረሙት ምስክሮች አንዱ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ፣ ሰይድ ተው፣ ያጠጣኸውን ልጅ ልታስባርረው ነው ወይ አለኝ። ይህ ቃል ወጋኝ። እንግዳዬን አሳልፌ መስጠቴ ነው። ዝም ብል ደግሞ እህቴን ለሁለተኛ ጊዜ አሳልፌ መስጠቴ ነው። ሁለተኛውን አልችልም አልሁ።

ኃላፊዋ እምቢ ካሉ «አልፈርምም ብለዋል» ተብሎ ተጽፎ በሁለቱ ፊርማ ይቀጥላል አለች። ይጻፍ፣ ግን ያልሁትም እንዳልሁት ይጻፍ፣ እኔም ተጽፎ ሳላይ ከዚህ አልሄድም አልኋት። ከበሩ ውጭ ያለው አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጥሁ። ለምሳ ዘግተው ሲወጡ በፊቴ አለፉ፤ ሲመለሱም እዚያው ነበርሁ። ያ የሳቀው ጸሐፊ ውሃ አምጥቶ ሰጠኝ፤ አባባ ቤትዎ ይሂዱ እንጂ አለኝ። ውሃውን ጠጣሁ እንጂ ከተቀመጥሁበት አልተነሣሁም።

ዘይነባ አጠገቤ ተቀምጣ ነበር። ከሰዓት በኋላ ወደ እኔ ዞረች።

«ጋሼ፣ ያን ቀን አይተህ ነው ዝም ያልኸው?»

«አዎ።»

ተነሥታ ከአግዳሚው ሌላኛው ጫፍ ሄዳ ተቀመጠች። ያን ቀን ከሰማሁት ነገር ሁሉ የሷ መነሣት ከበደኝ።

ዐሥራ አንድ ሰዓት ላይ ኃላፊዋ ቦርሳዋን አንግታ ስትወጣ አየችኝና ቆመች። እኔም ተነሣሁ። እኔን አይመኑ፣ እሱንም አይመኑ አልኋት። መሣሪያዋን ይዘው ይምጡ፣ ከሾላው ሥር ይቁሙ። ወረቀቱ ላይ ያለው ቁጥር ከወጣ እውነቴን ነው። ካልወጣ በዐሥሩም ጣቴ እፈርማለሁ። «ነገ በጠዋት» ብላ ሄደች።

በማግሥቱ ጁምዓ ነበር፤ ከሶላት በፊት እንዲያልቅ በጠዋት ተሰባሰቡ። ኃላፊዋ፣ ቢኒያም፣ አቶ መኮንን፣ ሁለቱ ምስክሮች፣ ደግሞም ወሬ የሰማ ጎረቤት ሁሉ። ዘይነባ ከጉድጓዷ አፍ አጠገብ እጇን አጣምራ ቆማለች። እኔ ጭንቀት ይዞኛል። የተናገርሁት እውነት ቢሆንም፣ ልጁ የቆመበትን ቦታ በሁለት እርምጃ ብስት ቁጥሩ ሊለወጥ ይችላል። ወረቀቱ ላይ የድንጋዩ ቦታ በድግሪ፣ በደቂቃና በሰከንድ ተጽፏል፤ የሰከንዱ ቁጥር ስምንት ነው።

ኃላፊዋ መሣሪያዋን ራሷ ይዛ ከሾላው ሥር ቆመች። ጢጥ አለች።

«ሰባት» ብላ አነበበች።

ከኋላዬ አንዱ ይኸው አለ። አቶ መኮንን በረጅሙ ተነፈሰ። ዘይነባን ለማየት አልደፈርሁም። ኃላፊዋ መሣሪያዋን ወደ ቦርሳዋ ልትመልስ ስትል ነው ያልጠበቅሁት ድምፅ የመጣው።

«ትንሽ ይጠብቁ» አለ ቢኒያም። «ከቅጠል በታች ትዘገያለች፤ ገና ሳተላይቱን በደንብ አልያዘችም።»

ልብ በሉ፤ ዝም ቢል ይበቃው ነበር። እኔ ያን ቀን ዝም እንዳልሁት ዝም ቢል፣ እኔ ውሸታም ሆኜ እሱ ነጻ ይወጣ ነበር። አልቻለም። ቆመን ጠበቅን። ከአስፋልቱ የመኪና ድምፅ ይመጣል። ኃላፊዋ እንደገና ተጫነች።

«ስምንት» አለች። ቆይታ ደግማ ተጫነች። አሁንም ስምንት። ሦስተኛ ጊዜም ስምንት።

ከዚያ ማንም ሳይነግራት ወደ ድንጋዩ ሄደች። ድንጋዩ ላይ ወጥታ ቆመች፤ ፀሐይዋ ገና በጠዋቱ ከርራ ነበር። ጠበቀች፣ ተጫነች፣ አነበበች።

«ዘጠኝ።»

ቢኒያም መሬት መሬት እያየ «እዚህ አልደረስሁም ነበር» አለ። በጣም ዝቅ ባለ ድምፅ ነው ያለው፤ ግን ሁላችንም ሰማነው።

አቶ መኮንን ተናደደ። ይህ ሁሉ ሰው የተሰበሰበው፣ ሥራዬ የቆመው ለአንዲት ትንሽ ሰከንድ ነው ወይ አለ። ዘይነባ ወደ ሾላው ሄደች። ከሾላው ግንድ ተነሥታ ወደ ድንጋዩ ጮክ ብላ እየቆጠረች ተራመደች። እርምጃዋ አጭር ስለሆነ አርባ አንድ አወጣች። አርባ አንደኛው ላይ ዞር ብላ፣ ከዚያ በፊት አንቱ ስትለው የኖረችውን ሰው «ይኸውልህ ያንተ ትንሽ» አለችው።

አጥሩ ቅዳሜ አልተጀመረም። አዲሱ ወረቀት ሲመጣ ቁጥሩን በጣቴ እየተከተልሁ አነበብሁት፤ ዘጠኝ ነበር። በጣት አሻራ ሳይሆን ስሜን ጽፌ ፈረምሁ። ጊዜ ወሰደብኝ፤ ኃላፊዋም ጠበቀችኝ።

ቢኒያም የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ደረሰው። ሰምቼ ከቢሮው ደጅ ጠብቄ ይቅር በለኝ አልሁት። በመዋሸቱ የሚያፍር መስሎኝ ነበር፤ ያለኝ ግን ሌላ ነው። «ጋሼ፣ ያን ቀን ቢነግሩኝ ተነሥቼ እሄድ ነበር» አለኝ። እውነቱን ነው። አክብሬዋለሁ ያልሁት ልጅ ማስጠንቀቂያ የተጻፈበት በእኔ ይሉኝታ ነው። ሊጠይቀኝ ግን ከዚያ በኋላም ይመጣል።

እናንተ ይህን የምታነቡ፣ ብዙዎቻችሁ ከእኔ የተማራችሁ ናችሁ። ሆኖም አንድ ነገር ልምከራችሁ። ትንሽ ናት የሚል ሰው ሲገጥማችሁ አትፍሩት። ለማን ትንሽ እንደሆነች፣ ከየት ቆሞ እንደለካት ጠይቁት። የጠየቃችሁት ሰው ቁጡ ቢሆን፣ ወንበሩ ትልቅ ቢሆን፣ ወይም እንግዳችሁ ቢሆንም ጠይቁት። ይሉኝታ ጥሩ ነገር ነው፤ እኔም በእሱ ነው ያደግሁት። የሰውን ውሃ አሳልፎ የሚሰጥ ከሆነ ግን ይሉኝታ አይባልም፤ ፍርሃት ነው፣ ስሙን አሳምረንለት ነው እንጂ።

እኔ ከዚያ ወዲህ ተለውጫለሁ። ጎረቤቶቼ ወረቀት ሲመጣላቸው ይዘውልኝ ይመጣሉ፤ መነጽሬን አድርጌ ቁጥሩን አነባለሁ፣ ነጥቡ ድረስም አብሬ እሄዳለሁ፣ ለኪው ላዩ ላይ ካልቆመ አልፈርምም። የቢሮ ሰዎች ሽማግሌው በስተርጅና ነገረኛ ሆነ እንደሚሉኝ ሰምቻለሁ። ይበሉ። ዘይነባ ዛሬ ጠዋትም ሽንኩርቷን አጠጥታለች።